ሎዌልን የቆፈሩት አይሪሾች ፋብሪካው ውስጥ ለመግባት ለምን ሃያ ዓመት ጠበቁ?

ጥያቄ፦ «የምንኖረው ማሳቹሴትስ ነው። ሎዌል ከተማ ያለውን የጥጥ ፋብሪካ ሙዚየም ከልጄ ጋር ጎብኝተን ነበር። አስጎብኚዋ ‹ይህችን ከተማ የቆፈሯት በ1822 የመጡ አይሪሾች ናቸው› አለችን። የልጄ የትምህርት ቤት መጽሐፍ ግን አይሪሾች በ1840ዎቹ ከረሃብ ሸሽተው አሜሪካ ገቡ ይላል። ሙዚየሙ ውስጥ ያየናቸው የጥንት ሠራተኞች ደግሞ የአሜሪካ ገበሬ ልጃገረዶች ናቸው። የቱን እንመን? ልጄ ስለ አንድ የሎዌል አይሪሽ ቤተሰብ የክፍል ሥራ ተሰጥቶታል፤ መረጃውን ከየት ይጀምር?»

ምላሽ፦

ሦስቱም እውነት ነው። የሚያደናግረው ስለ ሁለት የተለያዩ ትውልዶች እየተወራ አንድ ስም ስለተሰጣቸው ነው። የመጀመሪያዎቹ አይሪሾች ሎዌል የደረሱት ታላቁ ረሃብ ሊጀምር 23 ዓመት ሲቀረው ነው። ቦዩን ቆፈሩ፣ የፋብሪካውን መሠረት ጣሉ፣ ግንቡን ገነቡ፤ ማሽኑ መዞር ሲጀምር ግን ሥራው ለሌላ ሰው ተሰጠ። የረሃቡ ስደተኞች ሲመጡ በሩ ተከፈተላቸው። የተከፈተውም አሠሪዎቹ ራርተው አይደለም፤ ውስጥ ያለው ሥራ ከፍቶ፣ የቀድሞዎቹ ሠራተኞች እየተዉት መሄድ በመጀመራቸው ነው። የልጅዎን ጽሑፍ በዚህ ክፍተት ዙሪያ ቢያዋቅሩት ጥሩ ይመስለኛል። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

መጀመሪያ ቦታውን እንይ። የሜሪማክ ወንዝ ፖታኬት በሚባለው ፏፏቴ ላይ ወደ 10 ሜትር ያህል ቁልቁል ይወርዳል። የቦስተን ነጋዴዎች በ1822 የሜሪማክ ፋብሪካ ኩባንያን ሲያቋቁሙ የፈለጉት ይህንን ውድቀት ነበር። ውሃው ግን ፏፏቴው ላይ እያለ ለፋብሪካ አይጠቅምም፤ ከፏፏቴው በላይ ተጠልፎ በቦይ መመራትና በተፈለገው ቦታ መንኮራኩር ላይ መውደቅ አለበት። በሥፍራው በ1790ዎቹ ለእንጨትና ለጀልባ ማለፊያ የተቆፈረ የፖታኬት ቦይ ነበር። ለጀልባ ይበቃ የነበረው ቦይ ፋብሪካ ለማንቀሳቀስ ጠበበ። ስለዚህ ወርዱን ወደ 18 ሜትር፣ ጥልቀቱን ወደ 2.4 ሜትር ማስፋት፣ ከእሱም የሜሪማክ ቦይ የሚባል አዲስ ቅርንጫፍ ማውጣት አስፈለገ። ለዚህ ሥራ ነው አይሪሾች የተጠሩት።

ሚያዝያ 6 ቀን 1822 ሂው ከሚስኪ የሚባል ሰው 30 ሠራተኞች አስከትሎ ከቦስተን አጠገብ ካለችው ቻርልስታውን ወደ 43 ኪሎ ሜትር በእግሩ ተጉዞ ደረሰ። ከሚስኪ በሰሜን አየርላንድ ካለው የታይሮን አውራጃ የመጣ ነው። የኩባንያው ወኪል ኪርክ ቡት ተቀብሎ ሥራ አስጀመራቸው። ከሚስኪን በእኛ አነጋገር ካቦ ብንለው ይቀላል፦ ሰው የሚሰበስብ፣ የሚያሰማራ፣ ከኩባንያው ጋር የሚነጋገር እሱ ነው። ይህን በአእምሮዎ ይያዙት። በካቦ በኩል የተቀጠረ የቀን ሠራተኛ ስሙ ኩባንያ መዝገብ ላይ ላይገኝ ይችላል፤ ልጅዎ ስም ሲፈልግ ይህ ነገር ተመልሶ ይመጣበታል።

የቀን ክፍያው በዚያ ዘመን ለተራ ጉልበት ሠራተኛ ከ75 ሳንቲም እስከ 1 ዶላር አካባቢ ነበር። ሥራው ምን እንደሆነ ግን በአካፋና በዶማ ብቻ አይገለጽም። ቦዩ የሚያልፍበት መሬት አለት አለው፤ አለት ደግሞ የሚሰበረው በጥቁር ባሩድ ነው። አንዱ ሰው መሮውን ቀጥ አድርጎ ይይዛል፣ ሌሎች በመዶሻ ይመቱታል። በእያንዳንዱ ምት መሐል ያዡ መሮውን በትንሹ ያዞረዋል፤ ካላዞረው ጫፉ ተቀርቅሮ ይቀራል። ጉድጓዱ ሲጠልቅ ዱቄቱ ተጠርጎ ይወጣል፣ ባሩድ ይገባበታል፣ አፉ በሸክላ አፈር ይጠቀጠቃል። አደጋው የሚመጣው እዚህ ላይ ነው። መጠቅጠቂያው ዘንግ ብረት ከሆነና ከአለቱ ጋር ከተፋተገ ብልጭታው ባሩዱን ሰው አጠገቡ እያለ ያነሳዋል። ሁለተኛው አደጋ ማቀጣጠያው ነው። በእኩል ፍጥነት የሚነድ የማቀጣጠያ ገመድ በእንግሊዝ ኮርንዎል የተፈለሰፈው በ1831 ነው፤ ከዚያ በፊት ባሩድ የተሞላ ገለባ ወይም የላባ ቀሰም ይጠቀሙ ነበር። ይህ አንዴ ይፈጥናል፣ አንዴ ይዘገያል። ከሽፏል ብሎ ወደ ጉድጓዱ የተመለሰ ሰው ላይ ይፈነዳል። የሎዌል የመጀመሪያ ቦዮች ከዚህ ፈጠራ በፊት የተቆፈሩ መሆናቸውን ማስታወስ ነው።

ቁፋሮው ሲያልቅ ሥራው አላለቀም። የቦይ ግንብ ከኋላው ውሃ ከሰረገበት በክረምት ውሃው በረዶ ሆኖ ይሰፋና ድንጋዩን ወደ ቦዩ ይገፋዋል፤ ደለልም በየጊዜው ይጠረጋል። ጥገናው ቦዩ ደርቆ መሠራት ስላለበት ፋብሪካው በሚቆምበት ሰዓትና ቀን ይደረግ ነበር። በሚቀጥሉት ሃያ አምስት ዓመታት የሃሚልተን፣ የሎዌል፣ የምዕራብና የምሥራቅ ቦዮች ተጨመሩ፤ የዛሬው አውታር በጠቅላላ ወደ 9 ኪሎ ሜትር ይሆናል። ስለዚህ «ቆፍረው ሄዱ» ማለት ስህተት ነው። ቆፍረው ቀሩ።

የት ቀሩ? ጥያቄው ቀላል ይመስላል እንጂ የከተማዋ አሠራር በሙሉ ያለው እዚህ ነው። ኩባንያው ለፋብሪካ ልጃገረዶች በጡብ የተሠሩ ሥርዓት ያላቸው አዳሪ ቤቶችን አቆመ። ለቆፋሪዎቹ ምንም አልሠራላቸውም። እነሱ ከቦዩ አጠገብ ባለ መሬት ላይ ጎጆ ቀለሱ። በ1831 የወጣ የጋዜጣ ዘገባ «ኒው ደብሊን» ስለሚባለው ሠፈር ሲጽፍ ከአንድ ኤከር ብዙም በማይበልጥ መሬት ላይ ወደ 500 አይሪሾች በ100 ያህል ጎጆዎች እንደሚኖሩ ይገልጻል። የጎጆዎቹ ቁመት ከ7 እስከ 10 ጫማ፣ ማለትም ከ2 እስከ 3 ሜትር ነው። ግድግዳው ከእንጨት መሰንጠቂያ የተረፈ ቅርፊትና ያልተላገ ሳንቃ ነው። በአንዱ ጫፍ የድንጋይ ምድጃ አለ፤ ጭስ ማውጫው ደግሞ ሥሩ የተነቀለ የዱቄት ወይም የኖራ በርሜል በላይ በላዩ ተደራርቦ የተሠራ ነው። የእንጨት በርሜል በእሳት ላይ ምን ሊሆን እንደሚችል መገመት አያቅትም። ሠፈሩ እስከ ዛሬ «ዘ ኤከር» ይባላል፤ ሙዚየሙ ካለበት በእግር የሚደረስ ነው።

ከውጭ ሲታዩ ሁሉም «አይሪሽ» ነበሩ፤ እርስ በርሳቸው ግን እንደዚያ አይተያዩም። ከደቡብ ኮርክ የመጡት አንድ ወገን፣ ከሌላው አውራጃ የመጡትና «ፋር ዳውን» የሚባሉት ሌላ ወገን ሆነው በሥራና በሠፈር ይጣሉ ነበር። ምክንያቱ ጭፍን ጥላቻ ብቻ አይደለም። ሥራ የሚገኘው በካቦ ነው፤ ካቦ የሚቀጥረው የአገሩን ልጅ ነው፤ ስለዚህ የአንዱ አውራጃ ካቦ ሥራ ባገኘ ቁጥር የሌላው አውራጃ ሰው ይራባል። በወንዝ ልጅነት የሚሰጥ ሥራ የሚያመጣውን ጠብ ለአማርኛ አንባቢ ማስረዳት የሚያስፈልግ አይመስለኝም።

ኩባንያው ጠብ አይወድም፤ ሥራ ያስተጓጉላል። የካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን መሬት የሰጠው በዚህ የተነሳ ነው ማለት ይቻላል፤ ቄስ ያለው ሠፈር የተረጋጋ ይሆናል ከሚል ስሌት። የቅዱስ ፓትሪክ ቤተ ክርስቲያን ገና በመሠራት ላይ ሳለ በግንቦት 1831 የአገሬው ፕሮቴስታንቶች በአይሪሾቹ ላይ ድንጋይ ይዘው ወጡ፤ አይሪሾቹም በድንጋይ መለሱ። ያም ሆኖ ሐምሌ 3 ቀን 1831 የቦስተኑ ጳጳስ ቤኔዲክት ፌንዊክ ባረኩት። ያ የመጀመሪያው ሕንፃ ከእንጨት ነበር፤ አሁን የሚታየው የድንጋይ ቤተ ክርስቲያን የ1850ዎቹ ሥራ ነው። ፎቶ ሲነሱ ልጅዎ «የ1831 ሕንፃ» ብሎ እንዳይጽፍ።

አብዛኛው ሰው የማያውቀው፣ ለእኔ ግን ከሁሉ የሚገርመኝ የ1835ቱ የትምህርት ስምምነት ነው። የከተማው የትምህርት ኮሚቴና የቅዱስ ፓትሪክ ቄስ ተነጋግረው የአይሪሽ ልጆች ትምህርት ቤቶች በሕዝብ ገንዘብ እንዲተዳደሩ ተስማሙ። መምህራኑ ካቶሊኮች ይሆናሉ፤ ነገር ግን ኮሚቴው ይፈትናቸዋል፣ ትምህርት ቤቱንም ይቆጣጠራል። መጻሕፍቱ እንደ ሌሎቹ ትምህርት ቤቶች ናቸው፤ የካቶሊክን እምነት የሚነቅፍ ነገር ግን አይኖርባቸውም። ከአንድ ዓመት በፊት፣ ነሐሴ 1834፣ እዚያው ማሳቹሴትስ ቻርልስታውን ውስጥ ሕዝብ ተነስቶ የካቶሊክ ደናግልን ገዳም ማቃጠሉን ሲያስቡ ይህ ስምምነት ምን ያህል ያልተጠበቀ እንደነበር ይገባዎታል። አሠራሩ እስከ 1850ዎቹ መግቢያ ድረስ ቆየ። በ1852 የኖትር ዳም ደናግል መጥተው የራሳቸውን የሴት ልጆች ትምህርት ቤት ከፈቱ።

እንግዲህ ቤተ ክርስቲያን አላቸው፣ ትምህርት ቤት አላቸው። ፋብሪካው ውስጥ ለምን አልገቡም?

መልሱ አዳሪ ቤቱ ውስጥ ነው። የሎዌል ባለሀብቶች ሠራተኛ የሰበሰቡት ከኒው ኢንግላንድ እርሻዎች ሲሆን፣ ያላገቡ ወጣት ሴቶች ነበሩ። አንድ ገበሬ ልጁን ወደ ከተማ የሚልከው ስሟ እንደማይጎድፍ ሲያምን ነው። ስለዚህ አዳሪ ቤቱ ተቆጣጣሪ አለው፣ ከምሽቱ 4 ሰዓት በኋላ በሩ ይዘጋል፣ ቤተ ክርስቲያን መሄድ ግዴታ ነው። ኩባንያው ለገበሬው የሚሸጠው ይህንን «ጨዋነት» ነበር። ካቶሊክ አይሪሽን ከእነዚህ ልጆች ጋር ማሰለፍ፣ በጊዜው አመለካከት፣ ያንን ስም ማጉደፍ ነው። ሌላው ምክንያት ደረቅ ሒሳብ ነው፦ የገበሬ ልጃገረዶች እስከተገኙ ድረስ ሌላ ሠራተኛ መፈለግ አላስፈለገም። በ1836 ከከተማዋ ትልልቅ ፋብሪካዎች አንዱ በሆነው በሃሚልተን ኩባንያ ከመቶ ሠራተኛ ውስጥ በውጭ አገር የተወለዱት 4 እንኳ አይሞሉም ነበር። በዚያው ዓመት ከተማዋ በአይሪሾች የተሞላች ናት። እነሱ ግን ግቢው ውስጥ፣ ቦዩ ዳር፣ ግንብ ላይ ናቸው። ማሽኑ አጠገብ አይደሉም።

ከዚያ ፋብሪካው ራሱ ተለወጠ። በገበያ ውድድር የጨርቅ ዋጋ ሲወርድ ኩባንያዎቹ ሁለት ነገር አደረጉ። የማሽኑን ፍጥነት ጨመሩ፤ ለአንድ ሠራተኛ የሚሰጠውን የማሽን ብዛትም አበዙ። ሁለት የሽመና ማሽን ትጠብቅ የነበረች ሴት ሦስትና አራት እንድትጠብቅ ተደረገ። ክፍያው በተሸመነው ልክ ስለሆነ ብዙ ስትሠራ ብዙ የምታገኝ ይመስላል፤ ግን የአንዱ ቁራጭ ዋጋ አብሮ ስለሚቀነስ ድካሙ ሲጨምር ደሞዙ ባለበት ይቀራል። ሴቶቹ ዝም አላሉም። በ1834 በደሞዝ ቅነሳ፣ በ1836 በአዳሪ ቤት ዋጋ ጭማሪ ሥራ አቁመው አደባባይ ወጡ። በ1845 ሣራ ባግሊን ከመሳሰሉ ሴቶች ጋር የሥራ ቀን በ10 ሰዓት እንዲወሰን ለምክር ቤቱ አመለከቱ። የሥራ ሳምንቱ በአማካይ ወደ 73 ሰዓት ነበርና ጥያቄው ቀላል አልነበረም። ምክር ቤቱ አልሰማም። ከዚያ ብዙዎቹ በእግራቸው መለሱ፦ አስተማሪ ሆኑ፣ ወደ ምዕራብ ሄዱ፣ አገቡ። እህቶቻቸውም በቀድሞው ቁጥር አልመጡም።

ልክ በዚህ ጊዜ አየርላንድ ውስጥ ድንቹ ታመመ። በ1845 የታየው በሽታ ቅጠሉን አጥቁሮ፣ መሬት ውስጥ ያለውን ድንች አበሰበሰው፤ በ1846 ደግሞ ምርቱን ከሞላ ጎደል አጠፋው። ወደ አንድ ሚሊዮን ሰው በረሃብና በበሽታ አለቀ፤ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ተሰደደ። ሎዌል ለደረሱት የመጀመሪያው ሥራ ያው የአባቶቻቸው ነበር። በ1846 እና በ1847 በጄምስ ፍራንሲስ መሐንዲስነት የሰሜን ቦይ ተቆፈረ፤ ወርዱ ወደ 30 ሜትር፣ ርዝመቱ ከ1.3 ኪሎ ሜትር ብዙም አይርቅም፤ ከወንዙ የሚለየውም ትልቅ የግራናይት ግድግዳ ነው። ሙዚየሙን ከጎበኙ በወንዙ ዳር ሊያዩት ይችላሉ። ፍራንሲስ ቀጥሎ በ1850 ፖታኬት ቦይ ላይ ያሠራው ከባድ የጎርፍ በር «የፍራንሲስ ቂልነት» ተብሎ ተሾፈበት፤ በ1852 ጎርፉ መጣና በሩ ሲወርድ ከተማዋ ተረፈች፤ ያሾፉበትም ዝም አሉ።

ቁፋሮው ሲያልቅ የረሃቡ ትውልድ ወደ ማሽኖቹ ሄደ። በ1860 በሃሚልተን ፋብሪካ ከአሥር ሠራተኛ ስድስት ያህሉ በውጭ አገር የተወለዱ ነበሩ፤ ከእነሱም የሚበዙት አይሪሾች ናቸው። ከ4 በመቶ ወደ 60 በመቶ፣ በ24 ዓመት ውስጥ። የልጅዎ ጽሑፍ አንድ ቁጥር ብቻ መያዝ ካለበት ይህ ይሁን።

የገቡት ግን ሁሉም ክፍል ውስጥ አይደለም። ጥጥ ወደ ጨርቅ የሚሄድበትን መንገድ ያስቡ፦ መጀመሪያ ይፈታታል፣ ይባዘታል፣ ከዚያ ይፈተላል፣ ድሩ ይዘጋጃል፣ በመጨረሻ ይሸመናል። አዲስ ገቢዎቹ የሚበዙት ባዘቶና ፈተላ ላይ ነበር፤ ክፍያው ዝቅተኛ የሆነበት ቦታ። ባዘቶ ክፍሉ ውስጥ የጥጥ ብናኝ አየሩን ስለሚሞላው ሳንባ ይጎዳል። ሽመና ክፍሉ ደግሞ መስኮቱ ይዘጋል፤ አየሩ ከደረቀ የድሩ ክር ይበጠሳልና። የመወርወሪያው ማግ ባለቀ ቁጥር አዲስ ቀሰም ገብቶ የክሩ ጫፍ በቀዳዳው መውጣት አለበት፤ ሸማኔዋ ያንን የምታደርገው በአፏ ስባ ነው። አንድ መወርወሪያ ከብዙ አፍ ጋር ስለሚነካካ የሳንባ ነቀርሳ የሚተላለፍበት አንዱ መንገድ ይህ ነበር።

ሌላው ለውጥ የቤት ነው። የገበሬ ልጃገረዷ ብቻዋን መጥታ አዳሪ ቤት ትገባለች። አይሪሿ ግን ኤከር ውስጥ ከቤተሰቧ ጋር ትኖራለች፣ ደሞዟም የቤቱ ነው። አባት ጉልበት ሠራተኛ፣ ሴት ልጅ ፈተላ፣ ትንሹ ወንድሟ ደግሞ ማሽን ላይ ቀሰም ለዋጭ ሊሆን ይችላል። ሕጉ በ1836 ከ15 ዓመት በታች የሆነ ልጅ በዓመት ሦስት ወር ትምህርት ቤት እንዲገባ፣ በ1842 ደግሞ ከ12 ዓመት በታች የሆነ ልጅ በቀን ከ10 ሰዓት በላይ እንዳይሠራ ደንግጓል። ለአንድ ሕፃን 10 ሰዓት «ገደብ» መባሉ ዘመኑን ይነግርዎታል። ለሴቶችም ጭምር የ10 ሰዓት ሕግ የወጣው በ1874 ነው።

ፖለቲካውን በአጭሩ ልለፈው። በ1854 አባሎቹ ስለ ፓርቲያቸው ሲጠየቁ «ምንም አላውቅም» ስለሚሉ በዚሁ ስም የተጠሩት ፀረ ስደተኛ ፖለቲከኞች የማሳቹሴትስን መንግሥት ጠቅልለው ያዙ። የአይሪሽ ሚሊሺያ ክፍሎችን በተኑ፤ የሎዌሉም አብሮ ተበተነ። ገዳማትን የሚመረምር ኮሚቴ ላኩ፤ ከአባላቱ አንዱ ሎዌል መጥቶ በሕዝብ ወጪ ባሳየው ነውር ከምክር ቤት ተባረረ። በ1857 መራጭ ማንበብና መጻፍ እንዲችል፣ በ1859 ደግሞ አዲስ ዜጋ የሆነ ሰው ለመምረጥ ተጨማሪ ሁለት ዓመት እንዲጠብቅ ተደነገገ፤ ሁለተኛው በ1863 ተሻረ። የእርስ በርስ ጦርነቱ ሲነሳ ብዙዎቹ ኩባንያዎች ያላቸውን ጥጥ ሸጠው ፋብሪካውን ዘጉ፣ ሠራተኛውንም አሰናበቱ። ከጦርነቱ በኋላ ፈረንሳይኛ ተናጋሪ ካናዳውያን ወደ ማሽኖቹ ሲመጡ አይሪሾቹ ወደ አለቅነት፣ ወደ ሱቅ፣ ወደ ፖሊስና ማዘጋጃ ቤት ከፍ አሉ። በ1880ዎቹ መጀመሪያ ሎዌል አይሪሽ ካቶሊክ ከንቲባ መረጠች።

አንድ ማስጠንቀቂያ። ብዙ ተማሪ ሎዌልን ከጎረቤቷ ላውረንስ ጋር ያምታታል። ላውረንስ የተመሠረተችው በ1845 ስለሆነ እዚያ ግድቡን የሠሩት ከሞላ ጎደል የረሃቡ አይሪሾች ናቸው፤ የሎዌል ዓይነት የሃያ ዓመት ክፍተት የለም። ጥር 10 ቀን 1860 የወደመው የፔምበርተን ፋብሪካም የላውረንስ ነው። ያ ሕንፃ የወደቀው የብረት ምሰሶዎቹ ቀልጠው በቅርጽ ሲሠሩ ውስጠኛው ቅርጽ ተንሸራቶ አንዱ ጎን ስለቀጠነና ፎቁ ላይ ከባድ ማሽን ስለተጫነ ነው። ፍርስራሹ ውስጥ የቀሩትን ለማውጣት ሲሞከር ፋኖስ ተሰብሮ እሳት ተነሳ። ከሟቾቹ ብዙዎቹ አይሪሾች ነበሩ፤ የሎዌል ጽሑፍ ውስጥ ግን ቦታው አይደለም።

አሁን ወደ ቤተሰቡ ፍለጋ። ከኋላ ወደ ፊት ሳይሆን ከቅርብ ወደ ሩቅ ይሂድ። መነሻው የ1850 የአገሪቱ ቆጠራ ነው፤ በዚያ ዓመት ነው ለመጀመሪያ ጊዜ የቤተሰቡ አባል ሁሉ ስም፣ ዕድሜና የተወለደበት አገር፣ ከ15 ዓመት በላይ የሆኑት ወንዶች ሥራም የተጻፈው። ከዚያ በፊት ባሉት ቆጠራዎች የቤቱ አባወራ ብቻ በስሙ ይሰፍራል፤ ሌሎቹ በዕድሜ ረድፍ ቁጥር ሆነው ይቀራሉ። በመሐል ማሳቹሴትስ በ1855 እና በ1865 የራሷን ቆጠራ አድርጋለች፤ ተንቀሳቃሽ ቤተሰብ ለመከታተል እነዚህ ወርቅ ናቸው። ቀጥሎ የግዛቱ የልደት፣ የጋብቻና የሞት መዝገብ ነው፤ የሚጀምረው በ1841 ነው። የጋብቻ መዝገቡ ብዙ ጊዜ የሙሽሮቹን ወላጆች ስም ስለሚይዝ አንድ ትውልድ ወደ ኋላ ያሻግራል።

እዚህ ላይ አብዛኛው ፈላጊ የሚቆምበት ግድግዳ አለ። ቆጠራውም፣ የዜግነት ወረቀቱም ብዙ ጊዜ «አየርላንድ» ብለው ያቆማሉ፤ አውራጃውን አይናገሩም። አውራጃና ደብር ካልታወቀ ደግሞ አየርላንድ ውስጥ ፍለጋ መጀመር አይቻልም፤ ምክንያቱም ከ1821 እስከ 1851 የነበሩት የአየርላንድ ቆጠራዎች አብዛኛው ክፍል በ1922 ደብሊን ውስጥ በእሳት ወድሟል። ያለ ቦታ ስም፣ ፓትሪክ ሰሊቫን የሚባል ሰው በመቶዎች ያገኛሉ።

ግድግዳውን ለማለፍ ሦስት ነገር ይሞከር። የቦስተን ካቶሊኮች ጋዜጣ «ፓይለት» ከ1831 ጀምሮ ለ90 ዓመት ያህል የጠፉ ዘመዶች ማፈላለጊያ ያወጣ ነበር። «እገሌ፣ ከእገሌ አውራጃ፣ ከእገሌ ደብር፣ መጨረሻ የተሰማው ሎዌል ነው» ዓይነት ነው፤ ማስታወቂያዎቹ ተሰብስበው በስም ሊፈለጉ ይችላሉ። ሁለተኛው የቅዱስ ፓትሪክ ደብር የጥምቀትና የጋብቻ መዝገብ ነው፤ የክርስትና አባትና እናት ስም ብዙ ጊዜ የዘመድ ወይም የአገር ልጅ ስም ስለሆነ በእሱ መከተል ይቻላል። ሦስተኛውን መጨረሻ ላይ እመለስበታለሁ።

ስም ሲፈልግ እንደተሰማው እንጂ እንደሚጻፍ ብቻ አይፈልግ። ጸሐፊው በጆሮው ነው የጻፈው። «ኦ» እና «ማክ» የሚሉት መነሻዎች አንዴ ይኖራሉ፣ አንዴ ይጠፋሉ፤ ከሚስኪ ራሱ በብዙ ዓይነት ተጽፎ ይገኛል። ዕድሜም አይታመን፤ ብዙ ሰው 30፣ 40፣ 50 ላይ ይደረደራል፣ ልደቱን የሚያውቅ ጥቂት ነበርና። ልዩነቱ እስከ አምስት ዓመት ቢደርስ ሌላ ሰው ነው ብሎ አይጣለው።

የመርከብ መዝገብ ውስጥ ካጣው አይደንግጥ። ከ1820 ጀምሮ የአሜሪካ ወደቦች የመንገደኛ ዝርዝር ይይዛሉ፤ ነገር ግን ብዙ አይሪሾች ቦስተን አልወረዱም። ወደ ካናዳ የሚመለሱ የእንጨት መርከቦች ዋጋቸው ርካሽ ስለነበረ በኩቤክ ወይም በሴንት ጆን ገብተው በእግር ወይም በጀልባ ወደ ደቡብ ወረዱ። በ1847 ኩቤክ አጠገብ በግሮስ ኢል ደሴት ብቻ ከ5,000 በላይ ተቀብረዋል። ከአባት ጋር ተሳፍሮ ሎዌል ላይ ከእናት ጋር ብቻ የተገኘ ቤተሰብ ካጋጠመው መሐል ላይ የሆነው ይህ ሊሆን ይችላል።

የፋብሪካ ደሞዝ መዝገብ የሚፈልግ ከሆነ የሃሚልተን ኩባንያ ሰነዶች በሃርቫርድ የንግድ ትምህርት ቤት ቤከር ቤተ መጻሕፍት አሉ። ከ1840ዎቹ አጋማሽ በፊት ለሚፈልግ አይሪሽ ቤተሰብ ግን ጊዜ ማባከን ነው፤ ለምን እንደሆነ ከላይ ያየነው ነው። ካቦ ሥር የሠራን ሰው ፋብሪካ መዝገብ ውስጥ አይፈልጉትም። ከ1830ዎቹ ጀምሮ የታተሙት የከተማው አድራሻ መጻሕፍትም ጉልበት ሠራተኛውን ብዙ ጊዜ ይዘሉታል። ከሁሉ በፊት በሎዌል ያለውን የዩኒቨርሲቲውን የከተማ ታሪክ ማዕከል ይጠይቁ፤ የአካባቢውን መዛግብት በቅርበት የሚያውቁ ሰዎች አሉበት።

ሦስተኛው ነገር የቅዱስ ፓትሪክ መካነ መቃብር ነው፤ የተከፈተው በ1830ዎቹ መጀመሪያ ነው። የአይሪሽ የጥንት የመቃብር ድንጋይ ቆጠራው የደበቀውን ይናገራል፦ «የአገሩ ልጅ፣ የታይሮን አውራጃ፣ የእገሌ ደብር» ብሎ ተቀርጾበታል፤ ሚስትም ብዙ ጊዜ በአባቷ ቤት ስም ትጠራለች። ሄዳችሁ ለማንበብ ከሆነ ጠዋት ወይም ወደ ማታ ሂዱ፤ ፀሐይ ከጎን ስትመታው ያረጀው ጽሑፍ ጥላ ያወጣል፣ እኩለ ቀን ላይ ግን ድንጋዩ ባዶ ይመስላል። ኖራ፣ መላጫ አረፋ ወይም የብረት ብሩሽ አይንካው፤ ቅርጹን ይበላዋል። ውሃና ለስላሳ ብሩሽ ይበቃል። ፎቶ ስታነሱ ከጎኑ ያሉትን ድንጋዮችም አንሱ፤ የአንድ ደብር ሰዎች ብዙ ጊዜ አጠገብ ለአጠገብ ስለተቀበሩ የእናንተ ሰው ድንጋይ ያልያዘውን የቦታ ስም ጎረቤቱ ሊይዘው ይችላል።